ማስታወቂያ እየሠራ ዘጋቢ ፊልም የሚሠራ ሰው፦ ስለ ኤሮል ሞሪስ እናውራ

ፍሬም24፦

ሰላም ለቤቱ። የምኖርበት ሥራ ማስታወቂያ መቅረጽ ነው። 30 ሰከንድ፣ 15 ሰከንድ፣ ሲብስ 6 ሰከንድ። ማታ ማታ ግን ዘጋቢ ፊልም አያለሁ። አንድ ቀን የራሴን እሠራለሁ እያልኩ ዓመታት ነጎዱ። የሙያ ጓደኞቼ «አንዱን ያዝ፤ ከሁለት ያጣ እንዳትሆን» ይሉኛል።

ሰሞኑን የኤሮል ሞሪስን ሥራዎች ከመጀመሪያው ጀምሬ በተራ እያየሁ ነው። አሜሪካዊ ነው፤ በ1948 ተወለደ። (ዓመቱን ሁሉ እንደ አውሮፓውያን እንቁጠር፤ አለዚያ እንደናበራለን።) ያለ ጥፋቱ የታሰረን ሰው ያስፈታ ፊልም ሠርቷል። የመከላከያ ሚኒስትር የነበረን ሰው ካሜራ ፊት አስቀምጦ ኦስካር ወስዷል። ይኸው ሰው የቢራና የኮምፒውተር ማስታወቂያ ሲሠራ ኖሯል። ተደብቆም አይደለም።

ጥያቄዬ ይቺ ናት። ማስታወቂያው ዘጋቢ ፊልሙን ጠቀመው ወይስ በላበት? ስልቱስ ምኑ ላይ ነው? ያያችሁ ጻፉ። «ጀግና ነው» ብሎ ማለፍ የለም።

የድሮ_ሪል፦

ፍሬም24 ልጄ፣ እጅህ ይባረክ። በሴሉሎይድ ዘመን በመቀስ ስቆርጥ የኖርኩ ሰው ነኝና ትንሽ ልዘርዝር። ረዘመ ብላችሁ አትቆጡኝ።

ሞሪስ የፊልም ትምህርት ቤት ልጅ አይደለም። ዊስኮንሲን ዩኒቨርሲቲ ታሪክ ተማረ። ቼሎ ይጫወት ነበር። ከዚያ ፕሪንስተን ገባ፤ መምህሩ ያ ስመ ጥሩ የሳይንስ ፈላስፋ ቶማስ ኩን ነበር። አልተስማሙም። ሞሪስ እንደሚተርከው ኩን በክርክር መሀል የሲጋራ መተርኮሻ ወረወረበት። ነገሩን አልረሳውም። ከአርባ ዓመት በላይ ቆይቶ፣ በ2018፣ በመተርኮሻው ስም መጽሐፍ አሳተመ። ቂም ማለት እንዲህ ነው! ከፕሪንስተን በርክሌይ ሄዶ ፍልስፍና ያዘ፤ እሱንም አልጨረሰም። ከክፍሉ ይልቅ ፊልም ማሳያው ይስበው ነበር።

የመጀመሪያ ፊልሙ በ1978 የወጣው «ጌትስ ኦቭ ሄቨን» ነው። ጉዳዩ የውሻና የድመት መቃብር። ካሊፎርኒያ ውስጥ አንድ የቤት እንስሳት መቃብር ይዘጋና አስከሬኖቹ ተቆፍረው ወደ ሌላ ይዛወራሉ። ሞሪስ ባለ መቃብሮቹንና ባለ ውሾቹን አስቀምጦ ያናግራል። ካሜራው ንቅንቅ አይልም። ተራኪ የለም። ሰውየው ስለ ውሻው የጀመረው ወሬ ሳያውቀው ስለ ብቸኝነቱ ይሆናል። ጀርመናዊው ፊልም ሠሪ ቬርነር ሄርዞግ፣ ሞሪስ ፊልሙን ከጨረሰ ጫማዬን እበላለሁ ብሎ ነበር። ሞሪስ ጨረሰ። ሄርዞግም ጫማውን አስቀቅሎ ሰው ፊት በላ። ሌስ ብላንክ ይህንኑ ቀርጾ በ1980 አጭር ፊልም አደረገው።

ከዚያ ድርቅ መጣ። በ1981 «ቨርነን፣ ፍሎሪዳ» ወጣ። መጀመሪያ ያሰበው ለኢንሹራንስ ገንዘብ ሲሉ የገዛ እጅና እግራቸውን ስላጡ ሰዎች ሊሠራ ነበር። ዛቻው ሲበዛበት ተወውና እዚያው ከተማ ያሉት ሰዎች ቱርክ ስለሚባለው ወፍ አደን ሲያወሩ ቀረጸ። ከዚያ እስከ 1988 ፊልም የለም። ገንዘብ የሚሰጠው ሲያጣ የግል መርማሪ ሆኖ ተቀጠረ። እውነተኛ መርማሪ፣ የሰው ጉዳይ የሚከታተል።

ይቺን ክፍተት ዘልለህ አትለፋት ፍሬም24። የሰውየው ትምህርት ቤት እሷ ናት።

ሎሚ_ተረተር፦

የውሻ መቃብር ፊልም? ጋሼ ሪል እየቀለዱብን እንዳይሆን።

የድሮ_ሪል፦

ሮጀር ኢበርት የሚባለው አሜሪካዊ ሐያሲ ከዓለም አሥር ምርጥ ፊልሞች ተርታ አስገብቶታል። እሱንም ቀልደኛ በለው።

ለምን_ባይ፦

እኔ የማይዋጥልኝ የ1988ቱ «ዘ ቲን ብሉ ላይን» ነው። ሰው ሁሉ ያደንቀዋል። ግን ፖሊሱ የተገደለበትን ሌሊት በተዋናይ ነው ያሳየን። በዝግታ የምትበር የወተት ሼክ፣ የሚሽከረከር ቀይ መብራት፣ ልብ የሚሰቅል ሙዚቃ። ያን ሌሊት እዚያ ካሜራ አልነበረም። ዘጋቢ ፊልም ነው ካልክ ያልቀረጽከውን አታሳየኝ። ይሄ የማስታወቂያ ሠሪ አመል ነው።

ቆርጣ_ቀጣይ፦

ለምን_ባይ፣ እስቲ እንደገና እየው። በእያንዳንዱ ትወና ላይ «ይሄ የማን ቃል ነው?» እያልክ እየው።

ጉዳዩን ለማያውቁ ላስረዳ። በ1976 ኅዳር ወር ዳላስ ውስጥ ሮበርት ውድ የሚባል ፖሊስ አንዲት መኪና አስቁሞ ሲጠጋ በጥይት ተገደለ። ራንዳል ዴል አዳምስ ተከሶ ሞት ተፈረደበት። ፍርዱ በኋላ ወደ ዕድሜ ልክ ተቀየረ። ዋናው ምስክር ዴቪድ ሃሪስ ያኔ የ16 ዓመት ልጅ ነበር። መኪናዋን የሰረቀው ልጁ ነው። ሽጉጡንም ያመጣው ልጁ ነው። ገዳይ የተባለው ግን አዳምስ ሆነ።

ሞሪስ ቴክሳስ የሄደው ለዚህ አልነበረም። ጀምስ ግሪግሰን ስለሚባል የአእምሮ ሐኪም ሊሠራ ነው የሄደው። ሐኪሙ የሞት ቅጣት በሚጠየቅባቸው ችሎቶች እየቀረበ ተከሳሹ ወደፊትም አደገኛ ነው እያለ ይመሰክር ነበር። በእሱ ምስክርነት የተፈረደባቸውን ሲያናግር አዳምስ ላይ ደረሰ። ነገሩ አልጥምህ አለው። መዝገብ አገላበጠ፤ ምስክሮቹን አንድ በአንድ ፈልጎ አገኘ። ጋሼ ሪል ያሉት መርማሪነት እዚህ ላይ ነው የሠራለት።

አሁን ወደ ትወናው። ያ ሌሊት ተደጋግሞ ይታያል፤ በታየ ቁጥር ግን ይለያያል። የሟቹ ባልደረባ ከመኪናው ወጥታ ቆማ ነበር ወይስ ውስጥ ተቀምጣ? መኪናው ውስጥ ስንት ሰው ነበር? አንዱ ሲናገር እንደ አንዱ ይተወናል፤ ሌላው ሲናገር ይገለበጣል። ሞሪስ «እውነቱ እንዲህ ነው» ብሎ የራሱን ስሪት አላስተወነም። የተወነው የምስክሮቹ ቃል ነው፤ ቃላቸው ደግሞ እርስ በርሱ ይጣላል። ያቺ በባልደረባዋ እጅ የነበረች ወተት ሼክ ለውበት ብቻ አይደለም የምትበረው። ፖሊሷ በዚያች ቅጽበት የት ነበረች የሚለው ጥያቄ እሷ ላይ ተንጠልጥሏል።

የመጨረሻውን ትዕይንት ደግሞ የትኛው ማስታወቂያ ሠሪ ይደፍረዋል? ሃሪስን ለመጨረሻ ጊዜ ሊያናግር ሲሄድ ካሜራው ተበላሸ። በእጁ የቀረው የድምፅ መቅጃ ነው። ፊልሙ ላይ የምናየውም አንድ ትንሽ የካሴት መቅጃ ብቻ ነው፣ ከዚህም ከዚያም ማዕዘን። ከውስጡ የሃሪስ ድምፅ ይሰማል። አዳምስ ንጹሕ እንደሆነ እንደሚያውቅ እየተናገረ ነው። እኔ ይሄን ትዕይንት ስንት ጊዜ እንዳየሁት አልቆጥረውም። ኤዲተር ስትሆኚ ምስል አጣሁ ብለሽ የምታለቅሽበት ቀን አለ፤ ያን ቀን ይሄንን አስቢ።

አዳምስ በ1989 ተፈታ። 12 ዓመት ታስሮ።

ለምን_ባይ፦

እሺ፣ በትወናው ተረታሁ። ግማሹን። ግን አዳምስ ከተፈታ በኋላ ራሱ ሞሪስን መክሰሱን ለምን ማንም አያነሳም? የሕይወት ታሪኬ የኔ ነው ብሎ።

የድሮ_ሪል፦

እውነት ነው፣ ከሷል። ከፍርድ ቤት ውጭ ተስማምተው ጨረሱት። ሰው ታሪኩን ለካሜራ ሲሰጥ ምን ላይ እንደሚፈርም ማወቅ አለበት፤ በዚያ በኩል የአዳምስ ጥያቄ ጥያቄ ነው። በነገራችን ላይ ፊልሙ ለኦስካር እንኳ አልታጨም። ያንተ ዓይነት ቅሬታ ያላቸው ብዙ ነበሩ።

ድምፅ_ብቻ፦

ሁላችሁም ስለ ምስል! ሙዚቃው የፊሊፕ ግላስ ነው። ግላስ አንዲት አጭር ሐረግ ይይዝና ይደጋግማታል፣ በጥቂቱ እያዛወረ። ፊልሙም አንድ ሌሊትን ይደጋግማል፣ በጥቂቱ እያዛወረ። ሁለቱ አንድ ዓይነት መተንፈስ ነው የሚተነፍሱት። በ1991 ስለ ስቲቨን ሆኪንግ ሲሠራም፣ በ2003 ስለዚያ የመከላከያ ሚኒስትር «ዘ ፎግ ኦቭ ዎር»ን ሲሠራም ወደ ግላስ ተመልሷል። ዓይናችሁን ጨፍናችሁ አንድ ጊዜ ስሙት።

ገመድ_ቆጣሪ፦

የሞሪስ የቃለ መጠይቅ መሣሪያ፣ ኢንተሮትሮን፣ ሳይነሳ እዚህ ደረስን?

ዜና አንባቢዎች የሚጠቀሙበትን ቴሌፕሮምፕተር ታውቁታላችሁ። ከሌንሱ ፊት በ45 ዲግሪ ያዘነበለ መስታወት አለ፤ ከሥሩ ሞኒተር። ጽሑፉ መስታወቱ ላይ ያንጸባርቃል። ካሜራው ደግሞ በመስታወቱ ውስጥ አልፎ አንባቢውን ያያል። ሞሪስ ሁለት ቴሌፕሮምፕተር ወሰደና በጽሑፉ ቦታ የሰው ፊት አስገባ። እንግዳው ሌንሱን ሲያይ የሞሪስን ፊት ያያል። ሞሪስም በራሱ ካሜራ ላይ የእንግዳውን ፊት ያያል። ዓይን ለዓይን እየተያዩ ያወራሉ፤ የሚያፈጡት ግን ሌንስ ላይ ነው።

ለውጡ ትንሽ ይመስላል። በተለመደው ቃለ መጠይቅ እንግዳው የሚያየው ከካሜራው ጎን የተቀመጠውን ጠያቂ ነው። ተመልካቹ የሁለት ሰዎች ጨዋታ ከጎን ሆኖ የሚሰማ ጎረቤት ይሆናል። በኢንተሮትሮን ግን ያ ሚኒስትር፣ ሮበርት ማክናማራ፣ እኔን ነው የሚያየኝ። እኔን ነው የሚያስረዳኝ። ማምለጫ የለም፣ ለእሱም ለእኔም።

መሣሪያው ከመሠራቱ በፊት ሞሪስ ጭንቅላቱን ካሜራው ላይ ለጥፎ ነበር የሚጠይቀው። አንገቱን ያሳዝናል። ስሙን ያወጣችለት ባለቤቱ ናት፤ «ኢንተርቪው»ን ከ«ቴረር» ጋር አዳቅላ።

ሎሚ_ተረተር፦

ባለቤቱ የምትቀልድበት ሰው ጥሩ ሰው ነው።

ኮፒ_ጻፊ፦

እኔ የማስታወቂያ ጽሑፍ ነው የምሠራው፤ ስለዚህ ወደ ፍሬም24 ጥያቄ ልመልሳችሁ።

በ2002 ለኦስካር ሥነ ሥርዓት አጭር ፊልም ሠራ። ታዋቂም ተራም ሰዎች ነጭ ጀርባ ፊት ቆመው ስለ ፊልም ያወራሉ። አፕል ያንን አይቶ ጠራው። በዚያው ዓመት «ስዊች» የተባለው ዘመቻ ወጣ። ነጭ ጀርባ፣ አንድ ሰው፣ ሌንሱን እያየ ኮምፒውተሩን ለምን እንደቀየረ ይናገራል። ሲንተባተብ ይተዉታል። ሲስቅ ይተዉታል። አንዲት ተማሪ የቤት ሥራዋ ኮምፒውተር ውስጥ እንዴት እንደጠፋባት ስታወራ ኢንተርኔቱን አጥለቀለቀችው።

አሁን ወደ 1978 ተመለሱ። ካሜራ አይንቀሳቀስም፣ ተራኪ የለም፣ ሰው እንደ መጣለት ያወራል። እዚያው የውሻ መቃብር ውስጥ ነን እኮ! መጨረሻው ላይ አርማ መጣ እንጂ።

የ«ሚለር ሃይ ላይፍ» ቢራዎቹ ግን ሌላ ናቸው። ሰው ቆሞ አያወራም። እጅ ታያለህ፣ ዕቃ ታያለህ፣ በጣም በቅርብ። ሻካራ ድምፅ ያለው ተራኪ ወንድነት ድሮ ቀረ እያለ ያማርራል፤ ሳታውቀው ትስቃለህ። ዕቃን አጠገቡ ሆኖ የማየት ነገር ከወተት ሼኳ የመጣ ይመስለኛል። ለአሜሪካው የሕዝብ ቴሌቪዥን ለፒቢኤስ የሠራው «ፎቶቡዝ» ደግሞ በ2001 የኤሚ ሽልማት አግኝቷል።

እና ፍሬም24፣ ማስታወቂያው በላበት ወይ ላልከው፦ ደሞዝ ከፈለለት። ከ1981 እስከ 1988 የነበረውን ድርቅ አስበው። ማስታወቂያ ከያዘ በኋላ ያን የሚያህል ክፍተት አላየንም። ሌላም ጥቅም አለው። 30 ሰከንድ ስትሠራ አንዲት ሾት ላይ ቀኑን ሙሉ ትደክማለህ። ያ ድካም በ1997 በወጣው «ፋስት፣ ቺፕ ኤንድ አውት ኦቭ ኮንትሮል» ላይ ይታያል። አንበሳ አሠልጣኝ፣ ቁጥቋጦን በእንስሳ ቅርጽ የሚከረክም አትክልተኛ፣ አይጥ አጥኚና ሮቦት ሠሪ። አራቱ አይተዋወቁም፤ ኤዲቲንጉ ግን ያወያያቸዋል።

ለምን_ባይ፦

ኮፒ_ጻፊ እህቴ፣ ቆንጆ ጻፍሽ። አንድ ማስታወቂያ ግን ዘለልሽ። ቴራኖስ።

ለማያስታውሱ፦ ከጣት በሚወሰድ ጥቂት ጠብታ ደም ብዙ ዓይነት ምርመራ እናደርጋለን ያለው የአሜሪካ ኩባንያ ነው። ለማስተዋወቂያው ሞሪስን ቀጠረ። መሥራቿ ኤልዛቤት ሆልምስ ነጭ ጀርባ ፊት ተቀምጣ፣ ዓይኗን ሳትሰብር ሌንሱን እያየች ተናገረች። መሣሪያው የተባለውን አይሠራም ነበር። ኩባንያው በ2018 ፈረሰ። እሷም በ2022 በማጭበርበር ጥፋተኛ ተብላ ከ11 ዓመት በላይ ተፈረደባት።

አዳምስን ያስፈታው ዓይን እሷንም አሳመረ። ኢንተሮትሮን ሰውን እንድታምን ያደርግሃል። ሰውየው መታመን ይገባው እንደሆነ አይነግርህም። ታዲያ በዘጋቢ ፊልሙ ላይስ በምን አምነዋለሁ?

ኮፒ_ጻፊ፦

እዚህ ላይ የረባ መልስ የለኝም። ማስታወቂያ ላይ ክላየንትህን አትመረምርም። የሰጡህን ተቀብለህ ታሳምራለህ፣ ሒሳብህን ተቀብለህ ትሄዳለህ። እኔም የተባለለትን የማይሠራ ዕቃ አንድ ጊዜ አሞግሼ ጽፌያለሁ። ዘመድ ገዝቶት ደወለልኝ። ከዚያ ለሳምንት ስልኬን ሳየው ይጨንቀኝ ነበር።

ቆርጣ_ቀጣይ፦

ለምን_ባይ፣ በዚህኛው ከአንተ ጋር ነኝ። አንድ ነገር ግን ልጨምር። «ዘ ቲን ብሉ ላይን» ላይ ዓይን ብቻውን አይደለም። ከአንዱ ምስክር ቀጥሎ የሚያስተባብለው ሌላ ምስክር ይመጣል። ጋዜጣ አለ፣ ካርታ አለ፣ መዝገብ አለ። ማስታወቂያ ላይ አስተባባይ የለም። አንድ ሰው ብቻውን ይናገራል፣ ሙዚቃው ይገባል፣ አለቀ። ሌንሱ ያው ነው፤ የተለየው ኤዲት ክፍል ውስጥ ከጎኑ የተቀመጠው ነገር ነው።

የድሮ_ሪል፦

ቆርጣ_ቀጣይ ልጄ፣ አፌ ላይ የነበረውን ነጠቅሽኝ። በዚህ ላይ ሁለቱን ሚኒስትሮች ብታስተያዩ ይበልጥ ይገባችኋል።

ማክናማራ በኬኔዲና በጆንሰን ጊዜ የመከላከያ ሚኒስትር ነበር፤ የቬትናም ጦርነት ስሙ ላይ ተለጥፎ ቀረ። «ዘ ፎግ ኦቭ ዎር» ሲቀረጽ 85 ዓመቱ ነው። ስለ ቶኪዮ ይናገራል፤ በ1945 በአንዲት ሌሊት ብቻ 100,000 ሰው በእሳት ቦምብ ማለቁን። አሜሪካኖቹ ቢሸነፉ ኖሮ የጦር ወንጀለኞች ተብለው በተከሰሱ ነበር ይላል። ከአውሮፕላኖቹ ሆድ ቦምብ ሲወርድ ቦምቡ ቁጥር ይሆናል፤ ቁጥሮች ከተማ ላይ ይዘንባሉ። ማክናማራ ዕድሜውን ሙሉ የቁጥር ሰው ነበር፤ ያቺ ምስል ስለ ሰውየው ያላለችው የለም። ደግሞም ሞሪስ ቁርጡን አይደብቅም። ንግግሩ መሀል ላይ ይዘላል፤ ተመልካቹ ተቆርጦ የቀረ ነገር እንዳለ ያውቃል። አልፎ አልፎ የሞሪስ ጩኸት ከውጭ ይሰማል፤ ሽማግሌው ሲዞርበት የሚያፋጥጥ ጥያቄ። በ2004 ኦስካሩን ሰጡት።

በ2013 ደግሞ የኢራቅ ጦርነት ሲጀመር የመከላከያ ሚኒስትር የነበረውን ዶናልድ ራምስፌልድን አስቀመጠ፣ «ዘ አንኖውን ኖውን» ላይ። ያው ሌንስ፣ ያው ጥያቄ። ራምስፌልድ ፈገግ አለ። ማስታወሻዎቹን አነበበ፣ እንደገና ፈገግ አለ። ምንም አልወጣም። ብዙ ሰው ፊልሙ ከሸፈ አለ። እኔ ግን ያ ፈገግታ ራሱ በቂዬ ነው። ማክናማራ ራሱን እየመረመረ ነበር የመጣው፤ ራምስፌልድ ሊመረመር አልመጣም። መሣሪያው ሰውን አይከፍትም። የሚከፈትን ሰው ያሳይሃል፣ የተዘጋውንም መዘጋቱን ያሳይሃል።

ለምን_ባይ፦

ጋሼ፣ ይቺን ቀበልኩዎት። በኢራቁ አቡ ግሬይብ እስር ቤት በተነሱት የእስረኞች ስቃይ ፎቶዎች ላይ በሠራው የ2008ቱ ፊልም ለአንዳንድ ቃል ሰጪዎች ገንዘብ መክፈሉን ግን አልቀበልም። እሱን ሌላ ክር እንክፈትለት።

የድሮ_ሪል፦

ይከፈት። እዚያ እንገናኛለን፤ እኔም እዚያ ላይ ልቤ አላረፈም።

ዝም_አንባቢ፦

ዓመት ሙሉ አንብቤ ዛሬ ገና ጻፍኩ። ምንም ያላየ ሰው ከየትኛው ይጀምር?

ቆርጣ_ቀጣይ፦

ከ«ዘ ቲን ብሉ ላይን»። ቀጥሎ «ዘ ፎግ ኦቭ ዎር»። ከዚያ የውሻ መቃብሩን። «ወርምዉድ»ን ለመጨረሻ አቆየው። የ2017 ነው፣ በተከታታይ ክፍል ለኔትፍሊክስ የተሠራ፤ ከአሜሪካው የስለላ ድርጅት ከሲአይኤ ጋር ይሠራ ስለነበረና በ1953 ከሆቴል መስኮት ወድቆ ስለሞተ ሳይንቲስት። ሞሪስ እዚያ ላይ ኢንተሮትሮኑን ትቶ በአሥር ካሜራ ነው የቀረጸው። ትወናውም ሙሉ ድራማ ሆኗል። ለምን_ባይ ሲያየው እዚህ አትጥሩኝ።

ፍሬም24፦

ሁላችሁንም አመሰግናለሁ። ሦስት ቀን ሳልጽፍ የቆየሁት በምክንያት ነው። የደሃ ኢንተሮትሮን ሠራሁ! ሁለት ካሜራ፣ ሁለት ታብሌት፣ ከፎቶ ፍሬም የወጣ ሁለት ተራ መስታወት፣ ጥቁር ጨርቅ። ሌላ ክፍል ገባሁና አባቴን ካሜራው ፊት አስቀመጥኳቸው። ሞሪስ አንድን ሰው ሁለት ሦስት ደቂቃ ሳታቋርጠው ከተውከው ራሱን ያሳይሃል ይላል። እኔም ዝም አልኩ። አባቴም ዝም አሉ። ሌንሱን አፈጠጡበት። ልቤ መምታት ጀመረ፤ አሁን አንድ ትልቅ ነገር ሊናገሩ ነው ብዬ። በመጨረሻ «ልጄ፣ ፊትህ ሁለት ሆኖብኛል፤ የትኛውን ልይ?» አሉኝ።

ሎሚ_ተረተር፦

ይሄ ኦስካር ካልተሰጠው ኦስካር የለም።

ገመድ_ቆጣሪ፦

ተራ መስታወት ፊትና ጀርባ አለው፤ ሁለቱም ያንጸባርቃሉ። ለዚያ ነው ፊትህ የተደረበው። በአንድ ገጹ ብቻ ማንጸባረቂያ የተቀባ የፕሮምፕተር መስታወት ፈልግ። 70 በመቶ ብርሃን አሳልፎ 30 የሚያንጸባርቀው ይበቃሃል። የሚጎድለውን ብርሃን በላይት ሙላው። ጨርቁ ደግሞ ከመስታወቱ ኋላ የሌንሱን ዙሪያ በደንብ ይዝጋ። ታብሌቱ ላይ ምስሉን ገልብጠው፤ አለዚያ ግራህ ቀኝ ይሆንባቸዋል።

ድምፅ_ብቻ፦

ፍሬም24፣ ድምፁን በምን ቀዳህ?

ፍሬም24፦

በካሜራው።

ድምፅ_ብቻ፦

በካሜራው! ዓይን ለዓይን ይሄን ሁሉ ደክመህ? አባትህን እንደገና አስቀምጣቸው። ደረት ላይ የሚሰካ ላፔል ማይክ የለኝም እንዳትለኝ፣ አውስሃለሁ።